ከካርቶኑ ጀርባ

«ፊቱ የሚታይበት የለም?» አለ የቀብር አስፈጻሚው አቶ ኮርደስ፣ ሦስተኛውን ፎቶ ጠረጴዛው ላይ እያስቀመጠ።

በመጀመሪያው ፎቶ የሟቹ ጀርባ ይታያል። በሁለተኛው ጆሮው። በሦስተኛው መዳፉ፤ አምስት ጣቱን ዘርግቶ ፎቶ አንሺውን «ወደ ግራ! ብርሃኑን ጋረድከው እኮ!» እያለ ነው።

ኢምኬ ሳቋ አመለጣት። ለቅሶ ቤት መሳቅ ነውር መሆኑ ጠፍቷት አይደለም፤ አሥራ አምስት ዓመት ሞልቷታል። ግን አያቷ ሞቶም ሰው ሲያዝ አየችው፤ ምን ታድርግ?

«እኔ ስልክ ውስጥ አሥራ አንድ አለ» አለች። «አሥራ አንዱም መዳፍ ነው። ከፈለጉ መዳፉን እንስቀልና ሰው እየጨበጠው ይለፍ።»

«ኢምኬ!» አለች እናቷ ጌዚኔ።

«ምን አልኩ?»

አቶ ኮርደስ ሳል የመሰለ ነገር አሰማ። በሥራው ብዙ ዓይነት ቤተሰብ አይቷል። «ግዴታ አይደለም» አለ። «ግን ዓርብ ሰው ሲሰበሰብ የአስከሬኑ አመድ ካለበት ማሰሮ አጠገብ ፊት ማየት ይፈልጋል። እስከ ሐሙስ ከሰዓት ከደረሰልኝ አሳትመዋለሁ።»

«የመታወቂያው ፎቶስ?» አሉ ጎረቤታቸው ወይዘሮ ቲትየን። የቅቤ ኬክ ይዘው መጥተው ነው። ሰውየው ከሞተ ዘጠነኛ ቀኑ ነው፤ ከየጎረቤቱ የመጣው የቅቤ ኬክ ደግሞ ሰባተኛ ትሪ ላይ ደርሷል። ኢምኬ ቅቤው በጆሮዋ ሊወጣ ነው።

መታወቂያው መጣ። አራቱም አጎነበሱበት። የባቡር ጣቢያ የፎቶ ማሽን ያነሳው ነው፤ ብርሃኑ ፊት ለፊት ደፍጥጦት፣ ዐይኑ ፈጥጦ፣ ዶሮ ሲሰርቅ የተያዘ ሽማግሌ ይመስላል።

«ይሄንን ካቆምንለት ከማሰሮው ወጥቶ መብራቱን ያስተካክላል» አለች ጌዚኔ። ሳትስቅ ነው ያለችው። ፎቶዎቹን ሰበሰበችና እንደ ካርታ መታ መታ አድርጋ አደላደለቻቸው። «እንግዲያው ባዶ ፍሬም ያቁሙ፣ አቶ ኮርደስ። እኔንም ያሳደገኝ ባዶ ፍሬም ነው።»

«ንግግሩስ?» አለ ኮርደስ ድምፁን ዝቅ አድርጎ። «ዓርብ እርስዎ እንደሚናገሩ ነበር የተነጋገርነው።»

«ፊቱን ካላገኘሁ አልናገርም። ለማን ነው የምናገረው? ለመዳፍ?»

ወይዘሮ ቲትየን ሰው ዝም ሲል ኬክ መቁረጥ የሚቀናቸው ሴት ናቸውና ቆረጡ።

*

ሟቹ ጌሮልድ ማይንከን ሃምሳ ዓመት ሙሉ የሰው ፊት ሲያበራ የኖረ ካሜራማን ነበር። ሙኒክ፣ ሃምቡርግ፣ ከዚያ ቱኒዚያ፣ አይስላንድ፣ ፔሩ። አይስላንድ ውስጥ አንዲት ደመና ኮረብታው ላይ እስክትደርስ አራት ቀን ሰባ ሰው አስጠብቋል። ደመናዋ መጣች፣ ስምንት ሰከንድ ተቀረጸች፣ ሁሉም ዕቃውን ጠቅልሎ ሄደ። ኢምኬ ልጅ እያለች ይህን ሰምታ «ታዲያ የደመናዋ ስም ፊልሙ መጨረሻ ላይ ተጻፈላት?» ብትለው፣ ኦፓ እያለች የምትጠራው አያቷ የሾርባ ማንኪያውን አስቀምጦ አንድ ደቂቃ አሰበ። «አልተጻፈም» አለ። «ስህተት ነው።»

እንዲህ ነበር ከሷ ጋር። ምሳ ላይ «ብዪ» አይላትም፤ «ይሄ ብርሃን ከየት ነው የመጣው?» ይላታል። ከመስኮቱ ካለች «ከመስኮቱ ብቻ? ጣራውን እይ። ወንዙን እይ» ይላታል። በእውነትም ከታች የዌዘር ወንዝ ውሃ ብርሃኑን ወደ ጣራው ወርውሮት ይወዛወዛል። ሾርባው ይቀዘቅዛል።

ለእናቷ ግን ሌላ ሰው ነው። ገና በመጣ ቁጥር ከሁለተኛው የወይን ብርጭቆ በኋላ የምትነገር ታሪክ አለች፤ ኢምኬ በቃሏ ትወጣታለች። ጌዚኔ በ1971 ስትወለድ አባቷ ቱኒዚያ ሥራ ላይ ነበር። ቴሌግራም ደረሰው። «ከዚያስ ምን አደረግክ?» ብሎ ሰው ሲጠይቀው «የዕለቱን ሥራ ጨረስኩ» ነበር መልሱ። ከስድስት ሳምንት በኋላ አንድ ቅርጫት ቴምር ይዞ መጣ። «ለስድስት ሳምንት ሕፃን ቴምር!» ትላለች ጌዚኔ፤ ሰው ይስቃል። እሷ አትስቅም።

አንድም ቀን አልቀረጻትም። አንድም ፎቶ አላነሳትም። የልደት ፎቶዎቿን ሁሉ ያነሳችው አክስቷ ናት፤ ግማሾቹ ጭንቅላት የላቸውም።

ማክሰኞ ከሰዓት ኢምኬ የአያቷ ክፍል ገባችና አንድ ሰዓት በርብራ ወጣች። ስድስት የብርሃን መለኪያ፣ በገመድ አንገት ላይ የሚንጠለጠል አጉሊ መነጽር፣ ሦስት ዋንጫ (አንዱ በር መያዣ ሆኗል)፣ የሌላ ሰው ፊት ብቻ የሞላባቸው አልበሞች። የራሱ የለም። ጉድ እኮ ነው። ዓሣ አጥማጅ ቤት ዓሣ ይጠፋል?

የስልክ ማውጫውን ገለጠች። «ሂ» ላይ አንድ ስም ብቻ ሦስት ጊዜ ተሰርዞ ሦስት ጊዜ በአዲስ ቁጥር ተጽፏል። ሂነርክ። የካሜራ ረዳቱ የነበረ። መደወል ማንን ገደለ?

«ሞይን» አለ አንድ ሻካራ ድምፅ፤ የአገሩ ሰላምታ ነው።

«ሞይን። የጌሮልድ የልጅ ልጅ ነኝ። እርስዎ የኦፓ ፊት አለዎት?»

ወዲያ ማዶ ወረቀት ሲገለጥ ተሰማ።

«ነገ የአሥራ አንድ ሰዓቱን... አይ፣ የጠዋቱን ባቡር እይዛለሁ» አለ ድምፁ፤ ስልኩም ተዘጋ።

*

ረቡዕ የመጣው ሰው እንደ መብራት ማቆሚያ የረዘመና አናቱ ላይ የጎበጠ ነው። በብብቱ ሰማያዊ የብስኩት ቆርቆሮ ይዟል። የጌዚኔን እጅ ለረጅም ጊዜ ጨበጠና ተቀመጥ ሲባል አልተቀመጠም። መስኮቱን አየ፤ እሷን አየ፤ ሄዶ መጋረጃውን ሁለት ጣት ያህል ገፋ አደረገው። የጌዚኔ ፊት በራ።

«እንዲህ ይሻላል» አለ። «ጌሮልድ ቢሆን ሦስት ጣት ይል ነበር።»

«አጎቴ ሂነርክ» አለች ጌዚኔ። «አርጅተሃል።»

«አንቺም ጥርስሽ ገብቶልሻል። ለመጨረሻ ጊዜ ሳይሽ ሁለቱ የፊተኞቹ አልነበሩም።»

ሊቀመጥ ጎንበስ ሲል ከኪሱ አንድ ነገር ወለሉ ላይ ወደቀና ተተረተረ። የጨርቅ ሜትር ነው፤ የልብስ ሰፊ ሜትር የመሰለ፣ ጫፉ ላይ የናስ ቀለበት ያለው። ጌዚኔ አየችውና እንደ ቆመች ቀረች።

«አሁንም ትይዘዋለህ?»

«ያለሱ ሱሪዬ ይወልቃል።»

ኢምኬ «ምንድን ነው እሱ?» ስትል እናቷ ናት የመለሰችው። ዐይኗን ከሜትሩ ሳትነቅል ተናገረች፦ ሰባት ዓመቷ ነው። እናቷ ታማ አባቷ ሙኒክ ወስዷታል፤ ስቱዲዮ። የምትተውነው ልጅ ስለዘገየች «እስቲ አንቺ እዚህ ቁሚ» ተብላ ወለሉ ላይ የኖራ ምልክት ላይ ቆመች። መብራቱ እንደ በጋ ፀሐይ ይሞቃል። ሂነርክ ቀለበቱን ካሜራው ላይ አጠለቀና ሜትሩን እየዘረጋ መጣ፤ እስከ ዐይኗ ድረስ። «አትጨፍኚ፤ ዐይንሽን ነው የምለካው» አላት። አልጨፈነችም። «ሁለት ሜትር ከአሥር!» ብሎ ጮኸ። ከካሜራው ጀርባ አባቷ «ጥሩ» አለ።

«ከዚያስ?» አለች ኢምኬ።

«ከዚያማ ተዋናይቷ መጣች። እኔ ወረድኩ። ካሜራው እኔን አልቀረጸም።» ጌዚኔ ወደ ቡናው ቴርሞስ ዞረች። «ለአራት ቀን ስሙ የማይታወቅ ደመና ይጠብቃል፤ ለእኔ አንድ ሰከንድ ፊልም ከበደው።»

ሂነርክ ሜትሩን ቀስ ብሎ ጠቀለለ። ከዚያ ቆርቆሮውን ከፈተ።

በቁራጭ ፊልም ሞልቷል። ያንዱ ቁራጭ ርዝመት ክንድ አይሞላም፤ ሁሉም በወረቀት ተጠቅልሎ የአገር ስምና ዓመት ተጽፎበታል። ጌዚኔ የአባቷን አጉሊ መነጽር አንገቷ ላይ አጠለቀች፤ ኢምኬ አንዱን ቁራጭ በመስኮቱ ብርሃን ላይ ያዘችላት። ተራ በተራ አዩ።

አንድ ሰው ቆሟል። ግራጫ ካርቶን ይዟል። ካርቶኑ ፊቱን ከአገጩ እስከ ግንባሩ ጋርዶታል።

«ይሄ አይስላንድ ነው» አለ ሂነርክ። «ጥቅል ፊልም በተቀየረ ቁጥር መጀመሪያ ግራጫ ካርቶን ይቀረጻል፤ ፊልሙን የሚያጥበው ቤት የቀለሙን ልክ የሚያውቀው በሱ ነው። ካርቶኑ ተዋናዩ ፊት በሚኖርበት ቦታ መሆን አለበት። ጌሮልድ ደግሞ ለሌላ ሰው አያምንም። ‹ታዘነብሉታላችሁ› ይላል። ስለዚህ እሱ ይቆማል፣ እኔ ቁልፉን እጫናለሁ። ሲቀናበር ይሄ ተቆርጦ ይጣላል። እኔ አልጣልኩም።»

ፔሩ፤ ካርቶን። ሃምቡርግ ወደብ፤ ካርቶን፣ ዝናብ። ሞሮኮ፤ ካርቶን፣ ከሥሩ ባዶ እግር። ሃያ፣ ሠላሳ ቁራጭ አዩ። የሚለወጠው እጁ ብቻ ነው፤ መጀመሪያ ለስላሳ፣ ከዚያ የጋብቻ ቀለበት ገባበት፣ ከዚያ አውራ ጣቱ ላይ ጠባሳ፣ ከዚያ ጥቋቁር የእርጅና ነጠብጣብ።

ጌዚኔ መጀመሪያ ሳቀች። ከዚያ ሳቁ የሆነ ቦታ ላይ ተሰበረ። «እዚህም ተደብቋል» አለች። «ዓለምን ሁሉ ዞሮ ተደበቀብኝ።» ተነሥታ ወደ ማዕድ ቤት ሄደች።

ኢምኬን ግን ሌላ ነገር ከንክኗታል። ወረቀቶቹን በጣቷ አንድ በአንድ ገለጠች።

«ቱኒዚያስ?»

ሂነርክ ቡናው አቃጠለው። «ምን?»

«አይስላንድ አለ፣ ፔሩ አለ፣ ሁሉም አለ። ቱኒዚያ የለም። እርስዎ ደግሞ ከመጡ ጀምሮ የደረት ኪስዎን አራት ጊዜ ነካ ነካ አድርገዋል። ልብዎን ነው የሚያምዎት ወይስ ሌላ ነው?»

ሽማግሌው አያት። «እርስዎ አትበይኝ፤ እኔ ካሜራ ተሸካሚ ነኝ» አለ። ከዚያ ወደ በረንዳው በአገጩ አመለከታት።

*

ከታች የጀልባው መሻገሪያ ላይ ሰዎች ብስክሌታቸውን ይዘው ተሰልፈዋል። ሂነርክ የበረንዳውን አጥር በሁለት እጁ ያዘ።

«የካሜራ ረዳት ሥራው አንድ ነው» አለ። «ፎከስ። ርቀቱን ትለኪያለሽ፣ ሰው ሲንቀሳቀስ ተከትለሽ ታዞሪያለሽ፣ ምስሉ አይደበዝዝም። ከደበዘዘ ያንቺ ጥፋት ነው። ሌላ ማንም የለበትም።»

«እሺ።»

«ሃያ ሁለት ዓመቴ ነው። የመጀመሪያ የውጭ አገር ሥራዬ። ጌሮልድ ካርቶኑን ይዞ ቆመ፤ ለካሁ፣ ሦስት ሜትር፤ ቁልፉን ተጫንኩ። አንዱ ቴሌግራም ይዞ እየሮጠ መጣ። ‹ሴት ልጅ! ሴት ልጅ!› ይላል። ጌሮልድ ካርቶኑን አወረደ። ወደ እኔ መራመድ ጀመረ። እኔ ፊቱን አየሁ። ፊቱን በማየት ፈንታ ፎከሱን ማዞር ነበረብኝ። እጄ አልታዘዘኝም። ከኋላው ያለው ግድግዳ ጥርት ብሏል። እሱ ጭጋግ ነው።»

ከደረት ኪሱ አንድ ፖስታ አወጣ፤ ግን አልሰጣትም።

«አየው?»

«ከሳምንት በኋላ ታጥቦ ሲመጣ አየው። ‹ጣለው› አለኝ፤ ሌላ ቃል አልተናገረም። ሃምሳ ሦስት ዓመት ለማንም አላሳየሁም። ልብስ ሰፊ የተጣመመ ሱሪ ለሰው ያሳያል?»

«ታዲያ ከዚያ በኋላ የዕለቱን ሥራ ጨረሰ» አለች ኢምኬ። የእናቷ ድምፅ ነው ከአፏ የወጣው።

«ማነው የጨረሰው?» አለ ሂነርክ። «ማየት መቼ ቻለ! የካሜራው ማያ በእንባው ጉም ለበሰ። ይጠርገዋል፣ እንደገና ጉም። ሦስት ጊዜ። በመጨረሻ ተነሥቶ ‹አንተ ቅረጽ› አለኝ። ከሰዓቱን ሙሉ የቀረጽኩት እኔ ነኝ። እሱ የጭነት መኪናው ጥላ ሥር ቁጭ ብሎ ቴሌግራሙን ያነባል። አምስት ቃል ነው፤ ስንት ጊዜ ይነበባል?»

«ለምን ዋሸ ታዲያ?»

«‹ማየት አቃተኝ› ያለ ካሜራማን ማን ሥራ ይሰጠዋል? ለሥራ ሰዎች ያወራትን ወሬ እቤትም ይዟት ገባ። እዚያው ቀረች።»

«ግን ስድስት ሳምንት አልመጣም።»

«አልመጣም» አለ ሂነርክ። «ጥሎ መምጣት ይችል ነበር። እሱን አላስተባብልለትም።»

በስተኋላቸው የበረንዳው በር ተከፍቶ ነበር። ጌዚኔ የዕቃ መጥረጊያ ጨርቅ ይዛ ቆማለች። ከመቼ ጀምሮ እንደቆመች አይታወቅም። እጇን ዘረጋች።

ሂነርክ ፖስታውን ሰጣት። ቀና ብሎ ሊያያት አልደፈረም፤ በሰባ አምስት ዓመቱ ከክፍል የተባረረ ተማሪ መሰለ።

ጌዚኔ ቁራጩን ወደ ሰማዩ አንስታ በአጉሊ መነጽሩ አየች። ግድግዳው ላይ ያለው ስንጥቅ ሳይቀር ይቆጠራል። መሃል ላይ አንድ ሰው አለ፤ ካርቶኑ ደረቱ ላይ ወርዷል፣ አፉ ተከፍቷል። ይሳቅ ያልቅስ አይለይም። ዐይኖቹ ሁለት ጥቁር ጥላ ናቸው። የሱ መሆኑ ግን በትከሻው፣ በአመጣጡ ይታወቃል። ወደ አንድ ሰው ይመጣል።

ጀልባዋ ሄዳ ተመለሰች። ጌዚኔ ገና እያየች ነው።

«እማ?» አለች ኢምኬ።

«አንድ ቀን ጠይቄው ነበር» አለ ሂነርክ ለአጥሩ። «ልጅህን ለምን አትቀርጻትም አልኩት። ‹በካሜራ ያየሁት ሰው ሁሉ ጉድለቱ ነው የሚታየኝ፤ አፍንጫው፣ የዐይኑ ሥር። እሷን እንደዚያ ማየት አልፈልግም› አለኝ። ጅል ነገር ነው። እንደሱ ያለ ጅል አላየሁም።»

ጌዚኔ አጉሊ መነጽሩን ከዐይኗ አወረደች። ክብ ምልክት ትቶባታል።

«ይሄ ነው የሚቆመው» አለች።

*

ሐሙስ ከሰዓት አቶ ኮርደስ ደወለ። ድምፁ በጣም ጨዋ ሆኗል፤ ይህ ጥሩ ምልክት አይደለም።

«ወይዘሮ ማይንከን፣ የላኩልኝ ምስል ትንሽ... ደብዝዟል። አይጨነቁ፤ አሁን የሚያጠራ ፕሮግራም አለን። ዐይኑንም አፍንጫውንም እሱ ራሱ ይሞላዋል። ሞክረነው በጣም ያማረ ሰው ሆኗል።»

«የማን አፍንጫ ነው የሚሞላው?» አለች ጌዚኔ።

«ይቅርታ?»

«የማንንም አፍንጫ አባቴ ላይ እንዳትለጥፉ። እንዳለ ይታተም።»

ኢምኬ ከሶፋው ላይ በሁለት እጇ አጨበጨበች። እናቷ የምትሠራው መነጽር ቤት ነው፤ ቀኑን ሙሉ የሰው ብዥታ ስታጠራ የምትውል ሴት ናት። ለብዥታ ስትሟገት ኢምኬ ገና ማየቷ ነው።

ዓርብ የመቃብሩ ጸሎት ቤት ሞላ። ከአመዱ ማሰሮ አጠገብ፣ የጋዜጣ ገጽ በሚያህል ፍሬም ውስጥ፣ ጭጋግ የመሰለው ሰው ወደ ወንበሮቹ ይመጣል። ሰው ሁሉ ዐይኑን አጠበበ። ወይዘሮ ቲትየን መነጽራቸውን አውልቀው ጠረጉ፤ አደረጉ፤ እንደገና አውልቀው ጠረጉ።

«መነጽሬ ነው?» ብለው አንሾካሾኩ።

«መነጽርዎ ደህና ነው» አለች ጌዚኔ። «እኔው ነኝ የሠራሁልዎት።»

ተነሥታ ወደ ፊት ወጣች። ወረቀቷን ዘረጋች። ፎቶውን አየች፣ ወረቀቱን አየች። አፏን ከፍታ ዘጋች። ወንበር ተንቋቋ፤ አንድ ሰው ሳለ። ኢምኬ እግሯ ሥር ያለውን ምንጣፍ በጫማዋ ጫፍ ቆፈረችው። አትናገርም፤ አለቀ፣ አትናገርም።

«አጎቴ ሂነርክ» አለች ጌዚኔ። «ይዘኸዋል?»

ከሦስተኛው ረድፍ ረጅሙ ሰውዬ ተነሣ። ምን እንደሆነ አልጠየቀም። ሜትሩን ከኪሱ አውጥቶ የናስ ቀለበቱን በፍሬሙ ጥግ ላይ አጠለቀ፤ ልክ ካሜራ ላይ እንደሚያጠልቀው። ከዚያ እየዘረጋ፣ እየዘረጋ ወደ እሷ መጣ። ከዐይኗ ሁለት ጣት ያህል ሲቀረው ቆመ።

«አንድ ሜትር ከሰማንያ» አለ፤ ጮክ ብሎ፣ ከፎቶው ጀርባ ላለ ሰው እንደሚነግር። ከልማዱ የተነሣ ጠበቀ።

ከወዲያ «ጥሩ» የሚል አልነበረም። ኢምኬ ቃሉ ምላሷ ጫፍ ላይ ደርሶ ነበር፤ ለመጀመሪያ ጊዜ በሕይወቷ ዋጠችው።

ጌዚኔ ዐይኗን አልጨፈነችም። የሜትሩን ጫፍ ከሂነርክ እጅ ተቀበለችና ጉንጯ ላይ ይዛው መናገር ጀመረች፤ እስክትጨርስም አለቀቀችውም።